በሙቀት ከተማ የሚበርደው ሕፃን፦ ጨቅላ ለምትይዝ እህት ስለ ሰውነት ሙቀት

ውድ እህታችን፣ በቱቅባ፣ በአልኮበር ወይም በደማም ሰው ቤት የምትሠሪ ከሆነ የክረምት ወራቱን ሙቀት ማንም ሊነግርሽ አያስፈልግም። ቆሻሻ ልትጥይ ደጅ ስትወጪ ትንፋሽሽ ያጥራል፣ ልብስሽ ገላሽ ላይ ይጣበቃል። ከቱቅባ አጠገብ ባለችው ዳህራን እ.ኤ.አ. ጁላይ 8 ቀን 2003 የተመዘገበው የአየር እርጥበት በዓለም ላይ እስካሁን ከተለኩት ሁሉ ከፍተኛው እንደሆነ ይነገርለታል። ባሕሩ ቅርብ ስለሆነ ሙቀቱ ደረቅ አይደለም፤ ላብ እንኳን አይደርቅም።

እንግዲህ እንዲህ ባለ ከተማ ጨቅላ ሕፃን ይበርደዋል ቢሉሽ ታምኛለሽ? እውነት ነው፤ ይበርደዋል። ደጁ 45 ዲግሪ ሲሆን ቤቱ ውስጥ ሙከይፉ ሌት ተቀን ይነፍሳል። ትልቅ ሰው «እፎይ» ብሎ የሚተኛበት ክፍል ገና በተወለደ ልጅ ላይ፣ በተለይ ያለ ጊዜው በተወለደ ልጅ ላይ፣ ጉዳት ያደርሳል። የበረደው ጨቅላ ደግሞ እንደ ትልቅ ልጅ አልቅሶ አይናገርም። ዝም ይላል፣ ይተኛል፣ መጥባት ይተዋል። ቤተሰቡ «ጎበዝ ልጅ ነው፣ አይረብሽም» ሊል ይችላል። ያ ዝምታ ግን አንዳንዴ የአደጋ ምልክት ነው።

ብዙ እህቶች ማዳም በወለደች ማግስት ጨቅላ ይሰጣቸዋል። ማንም ቁጭ አድርጎ አያስተምራቸውም፤ አንድ ነገር ቢደርስ ግን ቀድሞ የሚጠየቀው ልጁን የያዘው ሰው ነው። ይህን ጽሑፍ ያዘጋጀነው ለሁለት ነገር ነው፦ ልጁ እንዲተርፍና አንቺም ሳታውቂ በደል እንዳይደርስብሽ።

ጨቅላ ለምን ቶሎ ይበርደዋል?

ልጁ በማሕፀን ሳለ ሙቀቱን ከእናቱ ያገኛል። ተወልዶ ወደ አየሩ ሲወጣ እርጥብ ነው፣ ራቁቱን ነው፣ ክፍሉም ከእናቱ ሆድ በብዙ ዲግሪ ይቀዘቅዛል። ቶሎ ካልደረቀና ካልተሸፈነ በመጀመሪያዎቹ ከ10 እስከ 20 ደቂቃዎች ብቻ የሰውነቱ ሙቀት ከ2 እስከ 4 ዲግሪ ሊወርድ ይችላል።

ከዚያም በኋላ ለሳምንታት ራሱን ማሞቅ ይከብደዋል። ምክንያቱ ይህ ነው፦

• ከክብደቱ ጋር ሲነጻጸር የቆዳው ስፋት ከአንቺ ይበልጣል፣ ወደ ሦስት እጥፍ ይጠጋል። ትንሽ ስኒ ቡና ከጀበናው ቀድሞ እንደሚቀዘቅዘው ማለት ነው።
• ጭንቅላቱ ከሰውነቱ አንጻር ትልቅ ነው። ብዙ ሙቀት የሚያመልጠው በዚያ በኩል ነው።
• እኛ ሲበርደን እንንቀጠቀጣለን፤ መንቀጥቀጡ ያሞቀናል። ጨቅላ እንዲህ ማድረግ አይችልም።
• ልብስ መደረብ፣ ብርድ ልብስ መሳብ፣ ከነፋስ መሸሽ አይችልም። እነዚህን የምታደርጊለት አንቺ ነሽ።

እግዚአብሔር ባዶውን አልላከውም፤ በአንገቱ፣ በትከሻው መካከልና በኩላሊቱ ዙሪያ «ቡናማ ስብ» የሚባል ልዩ ስብ አለው። ሲበርደው ሰውነቱ ይህን ስብ እንደ ከሰል እያቃጠለ ሙቀት ያወጣል። ከሰሉ ግን ጥቂት ነው። እሱን ለማቃጠል ደግሞ ኦክስጅንና ስኳር ያስፈልጋል። ልጁ ለረጅም ሰዓት ሲበርደው በደሙ ያለው ስኳር ይወርዳል፣ ትንፋሹ ይፋጠናል፣ ከዚያም ይደክማል። ሲደክም አይጠባም፤ ካልጠባ ስኳሩ የበለጠ ይወርዳል፤ ስኳሩ ሲወርድ የበለጠ ይበርደዋል። ከዚህ አዙሪት የሚያወጣው ሰው ካላገኘ ይሞታል።

ቀስ ብሎ የሚጎዳም አለ። ሁልጊዜ በቀዝቃዛ ክፍል የሚተኛ ልጅ የሚጠባው ወተት ለማደግ ሳይሆን ለመሞቅ ያልቃል። «ይጠባል ግን ክብደት አይጨምርም» የሚባልበት አንዱ ምክንያት ይህ ነው።

ያለ ጊዜው የተወለደ ልጅ ሲሆን

ልጅ 37 ሳምንት ሳይሞላው ከተወለደ ያለ ጊዜው ተወለደ ይባላል። ሲወለድ ክብደቱ ከ2500 ግራም በታች ከሆነ ደግሞ ዝቅተኛ ክብደት ያለው ነው። ቡናማው ስብ የሚጠራቀመው በእርግዝናው የመጨረሻ ወራት ስለሆነ ቀድሞ የመጣ ልጅ ከሰሉን ሳይሸከም ነው የመጣው። ከቆዳው ሥር ስብ የለውም፤ ቆዳው ስስ ስለሆነ ውኃና ሙቀት በቀላሉ ያመልጡበታል። በጊዜው የተወለደ ልጅ እግሩንና እጁን ሰብስቦ ይተኛል፤ ይህም ሙቀቱን ይቆጥብለታል። እሱ ግን ጡንቻው ስላልጠነከረ ተዘርግቶ ይተኛል።

ለዚህ ነው ሆስፒታሉ «ማሞቂያ» ውስጥ የሚያስገባው፣ በዓረብኛው ሐዳና የሚሉት። ከማሞቂያ ወጥቶ ወደ ቤት ሲመጣ «ዳነ» ማለት ነው፤ እንደ ሌላው ልጅ ሆነ ማለት ግን አይደለም። ቤት በገባበት ቀን ማዳምን «ሐኪሙ ስለ ክፍሉ ሙቀት፣ ስለ ገላ መታጠብ፣ ስለ ኮፍያ ምን አለ?» ብለሽ ጠይቂ። መጠየቅ አላዋቂነት አይደለም።

ሙቀት የሚያመልጥባቸው አራት መንገዶች

የልጁ ሙቀት በአራት መንገድ ይወጣል። አራቱም አንቺ በምትሠሪበት ቤት አሉ።

1. በእርጥበት። ውኃ ከቆዳ ላይ ሲተን ሙቀት ይዞ ይሄዳል። ከታጠበ በኋላ ያልደረቀ ፀጉር፣ የረጠበ ዳይፐር፣ ያገሳው ወተት አንገቱ ሥር ያረጠበው ልብስ ልጁን ያበርዱታል።

2. በንክኪ። ቀዝቃዛ ነገር ላይ ሲተኛ ሙቀቱ ወደዚያ ነገር ይሄዳል። ዳይፐር የምትቀይሪበት ፕላስቲክ፣ የእምነበረድ ጠረጴዛ፣ ሚዛኑ፣ ከቀዝቃዛ ውኃ የወጣው እጅሽም ጭምር። ሁልጊዜ ፎጣ አንጥፊ፤ እጅሽን አሙቂ።

3. በነፋስ። የሙከይፉ ነፋስ በቀጥታ ሲመታው በልጁ ዙሪያ ያለውን ሞቃት አየር ጠርጎ ይወስዳል። አልጋው ከሙከይፉ ሥር ወይም ፊት ለፊት አይሁን። አልጋውን ማንሳት ካልተቻለ የነፋሱን ክንፍ ወደ ጣሪያው አዙሪ።

4. ሳይነካ ወደ ቀዝቃዛ ነገር። ይህን ብዙ ሰው አያውቀውም። የልጁ ገላ ከአጠገቡ ወዳለ ቀዝቃዛ ግድግዳ ወይም የመስኮት መስታወት፣ ሳይነካው እንኳን፣ ሙቀት ይሰዳል። በበጋው ደግሞ በተቃራኒው ፀሐይ የመታው መስታወት ያግለዋል። ስለዚህ አልጋው ከውጪ ግድግዳና ከመስኮት ራቅ ይበል።

ክፍሉ ስንት ዲግሪ ይሁን? ጤናማና በጊዜው ለተወለደ ልጅ ሙከይፉን 24 ወይም 25 አካባቢ ማድረግ ለአብዛኛው ቤት ይስማማል። 18 ላይ ማደር የለበትም። ያለ ጊዜው ለተወለደ ልጅ ሐኪሙ ከዚህ ከፍ እንዲል ሊያዝ ይችላል፤ የታዘዘውን ተከተሉ። በሪሞቱ ላይ ያለው ቁጥር ብቻ አይመንሽ፤ አልጋው አጠገብ የምትሰቀል ትንሽ የክፍል ሙቀት መለኪያ ርካሽ ናት።

የገላ መታጠብ ነገር

የዓለም ጤና ድርጅት የጨቅላ የመጀመሪያ ገላ ቢያንስ ከ24 ሰዓት በኋላ እንዲሆን ይመክራል። ያለ ጊዜው የተወለደ ልጅ ከዚያም በላይ ይቆያል፤ ሐኪሙ እስኪፈቅድ ፊቱን፣ አንገቱንና ታችኛውን ክፍል በሞቀ እርጥብ ጨርቅ መጥረግ ይበቃዋል። ላዩ ላይ ያለው ነጭ ቅባት ቆሻሻ አይደለም፤ ቆዳውን ይጠብቀዋል፣ አትፈግፍጊው።

በምሥራቁ ክልል ስትሠሪ አንድ ነገር አስታውሺ፦ የውኃ ታንከሩ ጣሪያ ላይ ነው። በበጋ «ቀዝቃዛ» በሚለው ቧንቧ የሚመጣው ውኃ እጅ የሚያቃጥልበት ጊዜ አለ። ስለዚህ ልጁን ከማስገባትሽ በፊት ውኃውን አጠራቅመሽ፣ አማስለሽ፣ በክርንሽ ሞክሪ። ለክርንሽ ሞቅም ቀዝቀዝም የማይል፣ 37 ዲግሪ ገደማ፣ መሆን አለበት። ልጁን ቧንቧ ሥር ይዘሽ በቀጥታ አትጠቢው።

ከመታጠቡ በፊት ሙከይፉን አጥፊ፣ በሩን ዝጊ፣ ፎጣና ልብስ አዘጋጂ። ከአምስት ደቂቃ አይብለጥ። ሲወጣ መጀመሪያ ጭንቅላቱን አድርቂ። የረጠበውን ፎጣ ጥለሽ በሌላ ደረቅ ፎጣ ጠቅልይው። ሙከይፉ የሚበራው ልጁ ለብሶ ከሞቀ በኋላ ነው።

በብዙ ቤቶች ደግሞ በሰባተኛው ቀን የልጁ ፀጉር ይላጫል። ፀጉሩ የተላጨ ዕለት ጭንቅላቱ እርቃኑን ስለሚቀር ክፍሉን ሞቅ አድርጉት፣ ነቅቶ ሳለ ስስ ኮፍያ አድርጊለት።

ገላ ለገላ፦ ከማሽን የማያንሰው ማሞቂያ

በ1970ዎቹ መጨረሻ (እ.ኤ.አ.) በኮሎምቢያ ዋና ከተማ ቦጎታ በሚገኝ አንድ የእናቶች ሆስፒታል ማሞቂያ አልበቃ ብሎ ሁለትና ሦስት ልጆች በአንድ ላይ ይተኙ ነበር፤ በሽታም ከአንዱ ወደ ሌላው ይተላለፋል። ዶክተር ኤድጋር ሬይ ትናንሾቹን ልጆች ራቁታቸውን በእናታቸው ደረት ላይ፣ በጡቶቿ መካከል አጣብቀው በልብሷ እንዲሸፈኑ አደረገ። ልጇን በከረጢቷ ከምትሸከመው እንስሳ ስም ወስደው «የካንጋሮ እናት እንክብካቤ» አሉት።

ይህ ነገር በአገራችንም ተሞክሯል። በአዲስ አበባ ዶክተር ቦጋለ ወርቁና ዶክተር አሳዬ ካሴ ከ2000 ግራም በታች የተወለዱ 120 ገደማ ልጆችን በሁለት ከፍለው አጠኑ፤ ውጤቱ እ.ኤ.አ. በ2005 ታተመ። በተለመደው መንገድ፣ በሞቀ ክፍልና በማሞቂያ መብራት ከተያዙት ከመቶው 38 ያህሉ ሞቱ። በእናታቸው ገላ ላይ ቶሎ ከተያዙት የሞቱት ከመቶው 22 ያህል ናቸው። ልዩነቱን ያመጣው የእናት ደረት ነው።

በጋና፣ በሕንድ፣ በማላዊ፣ በናይጄሪያና በታንዛኒያ የተደረገ ትልቅ ጥናት ደግሞ እ.ኤ.አ. በ2021 ልጁ እንደተወለደ ወዲያው ገላ ለገላ መያዝ ሞትን በአንድ አራተኛ ገደማ እንደሚቀንስ አሳየ። በዓመቱ የዓለም ጤና ድርጅት ያለ ጊዜያቸው ለተወለዱ ልጆች ሁሉ፣ ሀብታም ሆስፒታል ውስጥም ቢሆን፣ በቀን ከ8 እስከ 24 ሰዓት እንዲደረግ መከረ። ስለዚህ ይህ «የድሃ አገር ዘዴ» ነው የሚልሽ ካለ ተሳስቷል።

አሠራሩ ቀላል ነው። ልጁ ዳይፐር፣ ኮፍያና ካልሲ ብቻ ያደርጋል። በእናቱ ባዶ ደረት ላይ ቀጥ ብሎ፣ ጭንቅላቱ ወደ ጎን ዞሮ፣ አገጩ ደረቱ ላይ ሳይታጠፍ ይጣበቃል። ከላይ በነጠላ ወይም በሰፊ ሻርፕ ይታሰራል። ፊቱ ሁልጊዜ የሚታይ ይሁን፤ የያዘው ሰው እንቅልፍ ከጣለው ልጁን ሌላ የነቃ ሰው ይቀበል።

እዚህ ላይ ልብ በይ። ይህ የእናትና የአባት ቦታ ነው። ማዳም ታማ ወይም ደክማ አንቺን ካልጠየቀችሽ በቀር ልጁን በራስሽ ፈቃድ ባዶ ደረትሽ ላይ አታድርጊ፤ ያልሆነ ትርጉም ሊሰጠው ይችላል። ለማዳም ልታሳስቢያት ግን ትችያለሽ። በልብስሽ ላይ አቅፈሽ ሁለታችሁንም በብርድ ልብስ መጠቅለልም ያሞቃል።

እንዴት ይለካል?

እጁና እግሩ ቀዘቀዘ ብለሽ አትደንግጪ፤ የጨቅላ እጅና እግር ብዙ ጊዜ ቀዝቀዝ ይላል። ደረቱን፣ ሆዱን ወይም ጀርባውን ከአንገቱ በታች በእጅሽ ጀርባ ንኪ። እዚያ ቀዝቃዛ ከሆነ ወይም ካተኮሰ ቴርሞሜትር አምጪ።

የሚሻለው ዲጂታሉ ነው። ብብቱን አድርቂ፣ ጫፉን ከብብቱ መሐል አግቢ፣ ክንዱን ከጎኑ ጋር አጣብቀሽ እስኪጮህ ያዢ። የመስታወት ሜርኩሪውን አትጠቀሚ፤ ከተሰበረ መርዝ ነው።

ቁጥሩ ምን ይላል?

• ከ36.5 እስከ 37.5፦ ጤነኛ ነው።
• ከ36.0 እስከ 36.4፦ በርዶታል። አሙቂው፣ አጥቡት፣ ከግማሽ ሰዓት በኋላ እንደገና ለኪ። ካልጨመረ ወደ ሐኪም ይሂድ።
• ከ36 በታች፦ እያሞቃችሁት ወደ ሆስፒታል። መጠበቅ የለም።
• ከ37.6 እስከ 37.9፦ አንድ ልብስ ቀንሺ፣ ክፍሉን እዪ፣ ከ15 እስከ 30 ደቂቃ ጠብቀሽ ለኪ። ካልወረደ ወደ ሐኪም ይደወል።
• 38ና ከዚያ በላይ፦ ዕድሜው ከሦስት ወር በታች ከሆነ ድንገተኛ ነው፤ ወዲያው ወደ ሆስፒታል።

ልጁ ያለ ጊዜው የተወለደ ከሆነ «ቆይ እንየው» አይሠራም። ቁጥሩ ከጤነኛው ከወጣ ለወላጆቹ ወዲያው ንገሪ። ጨቅላ ኢንፌክሽን ሲይዘው ትኩሳት ብቻ አይደለም የሚያሳየው፤ ሙቀቱ ሊወርድም ይችላል። ተሞቆ የማይሞቅ ልጅ የታመመ ልጅ ነው።

ቁጥሩ ምንም ይሁን ምን እነዚህን ካየሽ ወደ ሆስፒታል ይሂድ፦ መጥባት ከተወ፣ ሰውነቱ ከዛለ፣ ለቅሶው ከደከመ፣ በደቂቃ 60 ጊዜና ከዚያ በላይ ከተነፈሰ፣ ሲተነፍስ ደረቱ ወደ ውስጥ ከገባ፣ ከንፈሩ ወይም ምላሱ ከጠቆረ ወይም ከሰመጠረ፣ ከተንቀጠቀጠ።

ሲበርደውና ሲሞቀው

ሲበርደው፦ እርጥብ ልብስ ካለ አውልቂ፣ አድርቂ። ደረቅና የሞቀ ልብስ፣ ኮፍያ፣ ካልሲ። ሙከይፉን አጥፊ። እናቱ ገላ ለገላ ትያዘው፣ ወይም አንቺ እቀፊው። ይጥባ፤ ወተት ነዳጁ ነው። ሙቅ ውኃ የሞላ ጠርሙስ፣ የኤሌክትሪክ ማሞቂያ፣ የፀጉር ማድረቂያ፣ ምድጃ በፍጹም አትጠቀሚ። ቆዳው ስስ ነው፣ ይቃጠላል።

ሲሞቀው፦ ላብ ጨቅላ ላይ ብዙም አይታይም። የአንገቱ ሥር እርጥብ ይሆናል፣ ፊቱ ይቀላል፣ ይነጫነጫል ወይም ከመጠን በላይ ይተኛል። በቤቱ የሚሃድ (ጨቅላውን በጨርቅ ጥብቅ አድርጎ የመጠቅለል) ልማድ ካለ ስንት ድርብ እንደሆነ ተመልከቺ። አንቺ ከለበስሽው አንድ ድርብ ብቻ ቢጨምር ለአብዛኛው ጊዜ ይበቃዋል። ከመጠን በላይ ተጠቅልሎ የሚያድር ልጅ በእንቅልፉ ድንገት የመሞት አደጋው ይጨምራል። በጊዜው የተወለደ ጤነኛ ልጅ በሞቀ ክፍል ሲተኛ ኮፍያ አያስፈልገውም፤ በፊቱ ላይ ምንም አይደረግ።

ሙቀት ነው ብለሽ ውኃ አትስጪው። ከስድስት ወር በታች የእናት ጡት ወይም የዱቄት ወተት ውኃውንም ይሰጠዋል፤ ደጋግሞ ይጥባ። በበረዶ ወይም በአልኮል አትጥረጊው። ሐኪም ሳያዝ የትኩሳት ሽሮፕ አትስጪ፤ ትኩሳቱን ሸፍኖ በሽታውን ያስረሳል።

ከቤት ሲወጣ፦ መኪናው ቀድሞ ይነሣ፣ ውስጡ ይቀዝቅዝ፣ ከዚያ ልጁ ይግባ። የወንበሩ ብረትና ቀበቶ ፀሐይ ከመታው ያቃጥላል፣ በእጅሽ ሞክሪው። በጋሪው ላይ ብርድ ልብስ አታልብሺ፤ ጥላ ይመስላል፣ ውስጡ ግን ምድጃ ይሆናል። ልጅን «ለአንድ ደቂቃ» ብሎ መኪና ውስጥ መተው በዚህ አገር መግደል ነው።

ከቤታችን ያመጣነው ልማድ

አገር ቤት ጨቅላን ቅባት ቀብቶ ጠዋት ፀሐይ ማሞቅ የታወቀ ነው። ለደጋ አገር የሚሆን ልማድ ነው። በቱቅባ ፀሐይ ግን በሰኔና በሐምሌ ጠዋት 2 ሰዓት ላይ እንኳን ጨቅላ ይጎዳል፤ ቅባት ከተቀባ የባሰ ይቃጠላል። እዚህ አታድርጊው። አራስ ቤትን ከነፋስ መጠበቅ፣ ልጁን ከእናቱ አለመለየት፣ ቶሎ ቶሎ ማጥባት ግን እናቶቻችን ያወቁት እውነት ነው። ይዘሽው ቆይ።

መብትሽና ጥንቃቄሽ

እ.ኤ.አ. ከጥቅምት 2024 ጀምሮ ሥራ ላይ በዋለው የሳዑዲ የቤት ሠራተኞች ደንብ መሠረት የሥራ ሰዓትሽ በቀን ከ10 ሰዓት አይበልጥም። በቀን ቢያንስ 8 ተከታታይ ሰዓት ዕረፍት፣ በሳምንት 24 ተከታታይ ሰዓት ዕረፍት አለሽ። ፓስፖርትሽን አሠሪ መያዝ አይችልም። ቀን ቤት ስታጸጂ ውለሽ ሌሊት ደግሞ ጨቅላ ይዘሽ ማደር ከደንቡ ውጪ ነው፤ ለልጁም አደጋ ነው። እንቅልፍ ያጣ ሰው የልጅን ዝምታ አያስተውልም። «ሌሊት እኔ ከያዝኩት ቀን ልተኛ» ብሎ በጊዜ መነጋገር ይሻላል።

ጉንፋን ከያዘሽ ተናገሪ። ያለ ጊዜው ለተወለደ ልጅ ቀላል ጉንፋን ከባድ ነው። በሕክምና ማስረጃ የሕመም ፈቃድ በደንቡ አለሽ።

የሕክምና ውሳኔ የወላጆች ነው። ያንቺ ድርሻ ማስተዋል፣ መለካት፣ መንገርና መጻፍ ነው። ያየሽውን በዋትሳፕ ለማዳም ላኪ፦ «ሰዓት 3:10፣ ሙቀት 36.1፣ አልጠባም»። ሰዓቱና ቁጥሩ ኋላ ላይ ምስክርሽ ነው። የቴርሞሜትሩን ፎቶ ማንሳት ትችያለሽ፤ የልጁን ፎቶ ግን ያለ ፈቃድ አታንሺ፣ በቲክቶክ አትልቀቂ፤ በሕግ ያስጠይቃል።

ማዳም ስልክ ካላነሣች አትጠብቂ። ቀይ ጨረቃ አምቡላንስ 997 ነው፤ በምሥራቁ ክልል 911ም ይሠራል። ለጤና ምክር 937 ሌት ተቀን ይመልሳል። የቤቱን አድራሻ ዛሬውኑ ስልክሽ ላይ መዝግቢ፤ አራት ፊደልና አራት ቁጥር ያለው አጭር አድራሻ ስላለ ማዳምን ወይም ሹፌሩን ጠይቂ። ደማም ውስጥ የእናቶችና ሕፃናት ሆስፒታል አለ፤ ቤቱ በየትኛው ሆስፒታል እንደሚታከም አስቀድመሽ እወቂ። ለሥራ ክርክር የሠራተኛ ሚኒስቴሩ ቁጥር 19911 ነው፤ ከምሥራቁ ክልል የሚቀርበው የኢትዮጵያ ኤምባሲ ሪያድ ያለው ነው።

ቶሎ የሚረዱሽ የዓረብኛ ቃላት

• «አልቤቢ ባሪድ፣ ማ ይርዳዕ።» (ሕፃኑ ቀዝቅዟል፣ አይጠባም።)
• «ሐራራቱ ተማንያ ወተላቲን።» (ሙቀቱ 38 ነው። የእኛ ሰማንያ አይደለም፤ ተማንያ ማለት ስምንት ነው።)
• «ነፈሱ ሰሪዕ።» (ትንፋሹ ፈጥኗል።)
• «ላዚም ንሩሕ አልሙስተሽፋ አልሒን።» (አሁኑኑ ሆስፒታል መሄድ አለብን።)
• «አልጉርፋ ባርዳ፣ ሙምኪን አገፍል አልሙከይፍ ሹወይ?» (ክፍሉ ቀዝቅዟል፣ ሙከይፉን ትንሽ ላጥፋው?)

ልጅቷ ሴት ከሆነች «ባርዳ፣ ማ ተርዳዕ፣ ሐራራትሃ» ትያለሽ።

በአጭሩ፦ ሁልጊዜ ደረቅ፣ ከነፋስ የራቀ፣ ደጋግሞ የሚጠባ ልጅ ይሞቃል። በእጅሽ ደረቱን ንኪ፣ ጥርጣሬ ካለሽ ለኪ፣ ከለካሽ ተናገሪ፣ ከተናገርሽ ጻፊ። ዝም ያለ ጨቅላን «ተኝቷል» ብለሽ አትለፊው። ይህን ጽሑፍ ጨቅላ ለምትይዝ ሌላ እህት ላኪላት፤ ነገ የእሷ ተራ ይሆናል። በርቺ እህቴ።